ሦስት ድምፅ ብቻ፦ የአንድ አጭር ፊልም ሙዚቃ የሥራ ማስታወሻ

የካቲት 4 ቀን 2017 ዓ.ም.

ፊልሙን ዛሬ ተረከብኩ። ዳይሬክተሯ ራሷ ጀሞ ድረስ በፍላሽ ይዛው መጣች። ርዝመቱ 19 ደቂቃ ነው። የተቀረፀው ደቡብ ወሎ፣ ሐይቅ ከተማ አጠገብ ነው።

ታሪኩ አጭር ነው። አንድ ሸማኔ አባት አለ። ልጁ ከስድስት ዓመት በኋላ ከቤይሩት ትመለሳለች። እዚያ ምን እንዳሳለፈች አትናገርም። እሱም አይጠይቅም። እናትየው በመሀል አርፋለች፤ ልጅቱ ለቀብሯ አልደረሰችም። ፊልሙ ሲያልቅ ልጅቱ የእናቷን እንዝርት ከተሰቀለበት አውርዳ መፍተል ትጀምራለች። በቃ፣ ይኸው ነው።

ሁለት ጊዜ አብረን አየነው። በመጀመሪያው ዝም ብዬ ነው ያየሁት፤ ማስታወሻም አልያዝኩም። ሁሌም እንዲህ ነው የማደርገው። ፊልሙን ከዚህ በኋላ ሁለት መቶ ጊዜ አየዋለሁ፤ ምን እንደሚመጣ ሳላውቅ የማየው ግን ዛሬ ብቻ ነው። የት ላይ እንደደነገጥኩ፣ የት ላይ ልቤ እንደሸፈተ የማውቀው በዚያች ዙር ነው። በሁለተኛው ግን ወረቀትና እስክሪብቶ ይዤ ተቀመጥኩ።

ሙዚቃ የሚገባባቸውን ቦታዎች ለየን። እሷ አሥራ አንድ ቦታ አለች። እኔ ስድስት አልኩ። ስምንት ላይ ተስማማን።

ለሙዚቃ የተያዘው 40 ሺህ ብር ነው። ይሄ ለተጫዋች፣ ለታክሲና ለምሳ ነው። የኔ ድርሻ ፊልሙ ገንዘብ ሲያመጣ ይታሰባል። በራስ ኪስ በሚሠራ ፊልም የተለመደ ስለሆነ ቅር አላለኝም። ግን በቃል አይቀርም፣ ውል እንጽፋለን አልኳት። እሺ አለች።

የካቲት 6

ጊዜያዊው ሙዚቃ እያስቸገረኝ ነው።

ኤዲተሩ ሲቆርጥ፣ አባትየው ልጁን በር ላይ የሚያይበት ቦታ የእማሆይ ጽጌማርያም ገብሩን ፒያኖ ከሥር አስተኝቶበታል። ኤዲተሮች ይህን ያደርጋሉ። ምስሉ ባዶ እንዳይሆንባቸው የሚወዱትን ሙዚቃ ለጊዜው ያስገባሉ። ዳይሬክተሯ ታዲያ አምስት ወር ሙሉ ፊልሟን ያየችው ከዚያ ፒያኖ ጋር ነው። ጆሮዋ ለምዶታል። እኔ የምሠራው ሁሉ ከእማሆይ ጋር ሊወዳደር ነው ማለት ነው።

እማሆይ በ2015 ዓ.ም. በ99 ዓመታቸው ኢየሩሳሌም ውስጥ አርፈዋል። ፒያኗቸውን በ2021 እ.ኤ.አ. በወጣ አንድ የአሜሪካ ፊልም ውስጥ ስሰማው ሰውነቴን ነው የወረረኝ። የሙላቱ አስታጥቄ ሥራዎችም በ2005 እ.ኤ.አ. በጂም ጃርሙሽ ፊልም ውስጥ ገብተው ስንቱን የውጭ ሰው ከእኛ ሙዚቃ ጋር አስተዋወቁ። ሁለቱም በገቡበት ቦታ ያምራሉ። ግን ከዓመታት በፊት ለራሳቸው የተሠሩ ናቸው። ፊልሙ ነው ወደ እነሱ የመጣው። ለምስሉ ተብሎ፣ ከምስሉ ጋር አብሮ የተጻፈ ሙዚቃ ሌላ ሥራ ነው። የኃይሌ ገሪማን «ጤዛ» ያየ ይገባዋል። እዚያ ጆርጋ መስፍንና ቪጃይ አየር ለፊልሙ ብለው ነው የሠሩት፤ ሙዚቃው ከገጸ ባሕርዩ ጋር አብሮ ያስታውሳል፣ አብሮም ይረሳል።

ኤዲተሩ ጊዜያዊውን ሙዚቃ አጥፍቶ አዲስ ፋይል እንዲልክልኝ ጠየቅኩት። በቴሌግራም ላከ። ዳይሬክተሯን ደግሞ ምን ዓይነት ሙዚቃ ትፈልጊያለሽ ብዬ አልጠየቅኳትም። «አባትየው በር ላይ ሲያያት ምንድነው የሚሰማው?» አልኳት።

ትንሽ ቆየች። «ደስታ አይደለም» አለች። «ኀዘንም አይደለም። ልጁ መሆኗን ለማወቅ እየሞከረ ነው።»

ይህችን አረፍተ ነገር ወረቀት ላይ ጽፌ ከስክሪኑ በላይ ለጠፍኳት።

የካቲት 9

ክራሬን አነሳሁ። እጄ ቀድሞኝ ወደ ትዝታ ቅኝት ሄደ።

አሥር ደቂቃ በማይሞላ ጊዜ ውስጥ የሚያምር ዜማ ወጣልኝ። ቀዳሁት፤ በሩ ሲከፈት አስገባሁት። ትዕይንቱ ሞተ።

ለምን እንደሞተ ለመረዳት ሦስቴ አየሁት። አባትየው ገና ቀና ብሎ ሳያያት ክራሩ ነገሩን ጨርሶታል። ተመልካቹ ሰዎቹን ሳያውቅ አልቅስ ተባለ። ትዝታ ለእኛ ቅኝት ብቻ አይደለም። ከልጅነት ጀምሮ በሬዲዮ፣ በታክሲ፣ በሠርግ ማግስት የሰማነውን ሁሉ ይዞ ነው የሚመጣው። መጀመሪያዎቹ ሁለት ድምፆች ሲሰሙ ሰው የት እንደሚሄድ ያውቃል። በፊልሞቻችን ላይ ደግሞ ናፍቆት በመጣ ቁጥር የትዝታ ክራር አብሮ ይመጣል። እኔም ሠርቼዋለሁ፣ አንዴም አይደለም። እዚህ ግን አባትየው ገና አልናፈቀም። ገና እያየ ነው።

ሌሎቹን ቅኝቶች ያዝኩ። ባቲን ሞከርኩ። ባቲ ይራመዳል፤ እግር አለው። ይሄ ሰውዬ ግን ጉድጓድ ውስጥ እግሩን ሰዶ ተቀምጧል።

አምባሰል ከቦታው ጋር ይሄዳል። አምባሰል የሚባለው አገር እዚያው ከሐይቅ አጠገብ ነው፤ ተራራው ፊልሙ ውስጥ ሁለቴ ይታያል። ግን እሱም ብቻውን ሲሆን ክብሩ በዛብኝ፤ አባትየውን ጀግና አደረገው። አንቺ ሆዬ ደግሞ ጆሮን አንጠልጥሎ ይተዋል። ለበሩ ትዕይንት ጥሩ ነበር። ለመጨረሻው ትዕይንት ግን አይሆንም።

ሌሊት 6 ሰዓት ላይ ተውኩት።

የካቲት 12

ዛሬ አንድ ነገር ተገኘ። ከጨዋታ ነው የተገኘው።

አምባሰልንና አንቺ ሆዬን አንዱን ከሌላው ጋር እያቀያየርኩ ክራሬን ስቃኝ ነበር። ሁለቱም አምስት አምስት ድምፅ ናቸው። ከዶ ብንነሳ፣ አምባሰል ዶ፣ ሬ ዝቅ ያለ፣ ፋ፣ ሶል፣ ላ ዝቅ ያለ ነው። አንቺ ሆዬ ደግሞ ዶ፣ ሬ ዝቅ ያለ፣ ፋ፣ ሶል ዝቅ ያለ፣ ላ ነው። የመጀመሪያዎቹ ሦስቱ አንድ ናቸው! የሚለያዩት ከፋ በላይ ነው። ሶሉ ሙሉ ከሆነ አምባሰል ነው፤ በግማሽ ድምፅ ከወረደ አንቺ ሆዬ ነው። ላው በተቃራኒው ይሄዳል።

ይህን በቃሌ ድሮም አውቀው ነበር። የፊልሙን በር እያየሁ ግን አስቤው አላውቅም።

ሦስቱን ብቻ ብጫወትስ? ዶ፣ ሬ ዝቅ ያለ፣ ፋ። ከዚያ ወዲያ አልሄድም። የለመደ ጆሮ ሁለት መንገድ ይጠብቃል፤ የትኛው እንደሆነ አያውቅም። አባትየው ይህች ልጄ ናት ወይስ ሌላ ሰው ብሎ እንደሚያየው ማለት ነው። አራተኛውን ድምፅ ለመጨረሻው አስቀምጠዋለሁ። እንዝርቱን ስታነሳ ሶል ይመጣል፤ አምባሰል ይሆናል፤ አገሯ ትገባለች።

ለዳይሬክተሯ ደውዬ በስልክ ተጫወትኩላት። «ምንድነው ይሄ? ያልጨረስከው ነገር አለ» አለች። «አዎ፣ 17 ደቂቃ ሙሉ አልጨርሰውም» አልኳት። ዝም አለች። ቀጥላ «ላክልኝ» አለች።

የካቲት 14

ፍጥነቱን ከየት ላምጣ የሚለው ጥያቄ በራሱ ተመለሰ።

በቀረፃው ጊዜ የነበረው የድምፅ ባለሙያ ብልህ ሰው ነው። ካሜራ ከቆመ በኋላ የሽመናውን ድምፅ ብቻውን ስድስት ደቂቃ ቀድቶታል። አባት ሆኖ የተወነው ሰው እውነተኛ ሸማኔ ነው። መወርወሪያው በድሩ መሀል ሲያልፍ ቀጭን ሽርታ አለው፤ ማጉ ሲመታ ደግሞ የእንጨት ምት ይሰማል። ሁለት ፈጠን ያሉ ምቶች ይመጣሉ፤ ክሩን ሲያስተካክል አንድ ይዘገያል። ጧ፣ ጧ… ጧ። ስቆጥረው በደቂቃ 58 ገደማ ይሆናል፤ ግን ወደ 54 ይወርዳል፣ ወደ 62 ይወጣል።

መጀመሪያ ኮምፒውተሩ ላይ ምቱን ሁሉ እኩል አሰለፍኩት። የፋብሪካ ማሽን መሰለ። መለስኩት። አሁን የሙዚቃው ፍጥነት እሱን ተከትሎ ይሄዳል። እያንዳንዱን ምት በእጄ ምልክት አደረግኩ፤ 340 ምልክት። አራት ሰዓት ፈጀብኝ። ከበሮ አላስገባም። ሽመናው ራሱ ከበሮ ነው።

ከሥር የሚቆየውንም ድምፅ ከዚያው ቤት ለማውጣት ሞከርኩ። አንዷን የእንጨት ምት ወስጄ ሃያ እጥፍ አረዘምኳት። ከክራሬ ወፍራም ክር ጋር ስደራርባት ሩቅ የሚሄድ መኪና የመሰለ ጉምጉምታ ሆነች። ለአውቶቡሱ ትዕይንት ትሆናለች።

የካቲት 18

ትናንት ሁዳዴ ገባ። የታክሲው ሬዲዮ ሁሉ በገና ነው። ዳይሬክተሯም እንደኔው ስትሰማ ዋለች መሰለኝ፣ ማታ ደወለች። «የሐይቁ ትዕይንት ላይ በገና ብናስገባስ? ድምፁ ያንን ጉምጉምታ ይተካዋል» አለች።

አልዋሽም፣ ሐሳቡ ጆሮዬን ጎተተው። አሥሩ አውታር ሲመታ ያ ንዝረት፣ ያ የሚንዘረዘር ወፍራም ድምፅ ሌላ መሣሪያ ላይ የለም። ንዝረቱ የሚመጣው ከእንዝራው ነው፤ በርኩማውና አውታሩ መሀል ከምትገባው ትንሽ ቆዳ። ቆዳዋ ትንሽ ወዲያ ወዲህ ካለች ድምፁ ይጠፋል። እንደ አለሙ አጋ ያሉ አባት በገና ሲይዙ የሚሰማው ሰላም ከዚያች ቁራጭ ቆዳ ላይ ነው የሚነሳው።

ግን እምቢ አልኩ። በገና ጸሎት ነው። ሰው ቁጭ ብሎ ከፈጣሪው ጋር የሚነጋገርበት መሣሪያ ነው። ፊልሙ ውስጥ የሚጸልይ ሰው ቢኖር አንድ ነገር ነው። ልጅቱ ግን ሐይቁ ዳር ቆማ ስልኳን ነው የምታየው። ለድምፁ ውበት ብቻ ከሥሯ ባስተኛው፣ በገናውንም እሷንም ዋሸሁባቸው ማለት ነው። አባትየው ሙስሊም ይሁን ክርስቲያን ፊልሙ ሆን ብሎ አይነግረንም። ወሎ ነዋ! በገና ሲገባ እኛ መለስንለት ማለት ነው።

ይህን የመጨረሻውን ስነግራት ወዲያው ተቀበለችኝ።

የካቲት 24

የማሲንቆ ቀን። እስካሁን ከነበሩት ቀናት ሁሉ የበለጠብኝ ይሄ ነው።

ተጫዋቹ ስድሳውን ያለፉ ሰው ናቸው። ጋሼ ነው የምላቸው። አራተኛ ፎቅ ድረስ ማሲንቋቸውን በነጠላ ጠቅልለው ወጡ። መኝታ ቤቴን ነው ስቱዲዮ ያደረግኩት። ፍራሹን መስኮቱ ላይ አቁሜያለሁ፤ በሩ ላይ ሁለት ብርድ ልብስ አለ። ማይኩን አንድ ክንድ ያህል አራቅኩት። ቀረብ ሲል የፈረስ ጭራው መፋተግ ዜማውን ይውጠዋል።

ዜማውን በአፌ አዜምኩላቸው። ደጋኑን ሙጫ ቀባ ቀባ አድርገው ደገሙት።

«አምባሰል ነው?» አሉኝ።

«አላውቅም ጋሼ።»

«አንቺ ሆዬ ነው?»

«እሱንም አላውቅም።»

ደጋኑን ጉልበታቸው ላይ አሳረፉት። «ልጄ፣ የምትሄድበትን ሳታውቅ እንዴት ከቤት ትወጣለህ?» አሉ። ተቆጥተው አልነበረም፤ ከልባቸው ነው የጠየቁኝ።

ላፕቶፑን አዞርኩላቸውና የበሩን ትዕይንት አሳየኋቸው። ያለ ድምፅ። እስኪያልቅ አልተንቀሳቀሱም። «ድገመው» አሉ። ደገምኩት። «አላወቃትም» አሉ ቀስ ብለው። ማሲንቆውን አነሱ።

እኔ የጻፍኩት ሦስት ድምፅ ነው። የተጫወቱት ግን ሦስት ድምፅ አይደለም። ማሲንቆ አንድ ክር ብቻ ነው ያለው፤ ክሩ ከአንገቱ ርቆ ስለተወጠረ ጣት ተጭኖ የሚያርፍበት ሰሌዳ የለም። ጣታቸው ክሩን በጎን እየነካ ይንሸራተታል። ፋ ላይ ይደርሱና አይቆሙም። ትንሽ ከፍ ይላሉ፤ ወደ ሶል ይጠጋሉ፤ ሊነኩት ነው ስል ይመለሳሉ። ድምፁ አንድ ሰው እጁን ለሰላምታ ዘርግቶ መልሶ እንደሚሰበስበው ነው።

«ጋሼ፣ እሷን ከፍ የምትለዋን ነገር…»

«ምነው፣ ላጥፋት?»

«አይ! እባክዎ አያጥፏት።»

«ማሲንቆ እንደ ፒያኖ አይቆምም። ይሄዳል። ቁም ስትለውም ዓይኑ መንገድ ላይ ነው» አሉኝ።

አሥራ አንድ ጊዜ ቀዳን። ሦስተኛው ላይ ከታች «ቆራሌው!» የሚል ድምፅ ገባ። ሳያቋርጡ በማሲንቆ መለሱለት፤ ራሷን ያችኑ የጥሪ ዜማ። ያ ቅጂ ለፊልሙ አይሆንም፤ ለራሴ ግን አስቀምጬዋለሁ። ሰባተኛውና ዘጠነኛው ናቸው የሚያገለግሉት። በተለይ ዘጠነኛው። መጨረሻው ላይ ደጋኑ ሊያልቅባቸው ሲል ድምፁ ትንፋሽ ያጥረዋል። ሆን ብለው ይሁን አልጠየቅኳቸውም።

ለመጨረሻው ትዕይንት ሶሉን ስነግራቸው ፈገግ አሉ። «አሃ፣ አምባሰል ነዋ!» አሉና አንዴ ብቻ ተጫወቱ። ሁለተኛ አላስፈለገም።

ምሳ የጾም በያይነቱ አብረን በላን። ግማሹን ክፍያ ሰጠኋቸው፤ ቀሪው ፊልሙ ሲያልቅ ነው። ውሉንም አነበብኩላቸው። በቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት የዜማው ደራሲ ብቻ ሳይሆን ከዋኙም፣ ማለትም ተጫዋቹም፣ መብት አለው። ስንት አንጋፋ ተጫዋች የዕለት አበል ተቀብሎ፣ ድምፁ የት እንደደረሰ ሳያውቅ ቀርቷል። ስማቸው በፊልሙ መጨረሻ ከኔ ስም እኩል እንዲጻፍ የሚል አንቀጽ አስገብቻለሁ። የልጃቸው ልጅ እንድታነብላቸው ውሉን ይዘው ሄዱ።

የካቲት 26

የማሲንቆውን ድምፅ ከጉምጉምታው ጋር ሳስቀምጠው አብሮ አልሄደም። አንዱ ሌላውን ይገፋዋል።

ለካሁት። ጋሼ ማሲንቋቸውን የቃኙት በራሳቸው ድምፅ ነው፤ በኔ ፒያኖ አይደለም። መነሻቸው ከኔ ዶ 35 ሴንት ይወርዳል። አንድ ግማሽ ድምፅ 100 ሴንት ነው፤ ስለዚህ የግማሽ ድምፅ ሲሶ ያህል ማለት ነው። ያ ብቻ ቢሆን ሁሉንም አውርዶ መገላገል ነበር። ግን ፋው ደግሞ ከመነሻቸው አንፃር በ20 ሴንት ገደማ ከፒያኖው ፋ ይበልጣል።

ማሲንቆውን በሶፍትዌር ወደ ፒያኖው መጎተት ይቻላል። አንድ ቁልፍ ነው። ሞከርኩት፤ ድምፁ ፊቱን ታጠበ፣ ሰውየው ጠፋ። ወዲያው ሰረዝኩት።

በምትኩ የራሴን ድምፆች ሁሉ፣ ጉምጉምታውንም ክራሩንም፣ አንድ በአንድ በጋሼ ቅኝት ቃኘኋቸው። አንድ ሙሉ ቀን ነው የፈጀው። ሲያልቅ ግን ጉምጉምታው ከማሲንቆው ሥር ገብቶ ተኛ። ከዚህ በኋላ ባህላዊ መሣሪያ ካለ መጀመሪያ እሱን እቀዳለሁ፤ ሌላው ይከተለዋል።

መጋቢት 2

መብራት ጠፍቶ ዋለ። የላፕቶፑ ባትሪ እስኪያልቅ ሁለት ሰዓት ሠራሁ።

መጋቢት 5

ፊልሙ ተቆልፏል፣ ከእንግዲህ አይቆረጥም ተብዬ ነበር። ዛሬ ኤዲተሩ አዲስ ቅጂ ላከ። ከሐይቁ ትዕይንት ላይ 14 ሰከንድ ወጥቷል።

ለተመልካች 14 ሰከንድ ምንም አይደለም። ለኔ ግን ሙዚቃው የሚተነፍስበት ቦታ ሄደ። ተናደድኩ። በኋላ ሳየው ትዕይንቱ ተሻሽሏል፤ ልክ ናቸው። ዜማውን መሀሉ ላይ ከመቁረጥ ይልቅ ከመጀመሪያው ዘግይቼ አስገባሁት። አሁን የሚጀምረው ልጅቱ ስልኳን ቦርሳዋ ውስጥ ከከተተች በኋላ ነው። ስልኩን እያየች ሳለ ውሃው ብቻ ይሰማል። ከድሮው ይሻላል።

መጋቢት 9

ዛሬ አንድ ነገር ያዝኩ። ለሌላ ሰው ስለሚጠቅም ዘርዝሬ ልጻፈው።

የመጨረሻው ትዕይንት ሙዚቃ ከምስሉ ቀድሞ ይገባል። እጇ ገና እንዝርቱን ሳይነካው ሶሉ ይመጣል። የፊልሙ መጀመሪያ ላይ ግን ሁሉም ልክ ነው። ወደ መጨረሻ ስንሄድ ነው የሚሸሸው።

ካሜራው የቀረፀው በሰከንድ 23.976 ምስል ነው። የኔ ፕሮግራም በ24 ነበር የተሠራው። ልዩነቱ ከሺህ አንድ ነው፤ በመጀመሪያው ደቂቃ ማንም አያውቀውም። ኤዲተሩ የሰጠኝ የሰዓት ዝርዝር ላይ 16 ደቂቃ ከ20 ሰከንድ የሚለውን በኔ ቆጣሪ ሳስቀምጠው ግን ወደ አንድ ሰከንድ ገደማ ይቀድማል። ለዚህ ትዕይንት ደግሞ አንድ ሰከንድ ሁሉም ነገር ነው። እጇ ከነካው በኋላ ከመጣ ሙዚቃው እሷን ሰምቶ የመጣ ነው። ቀድሞ ከመጣ ግን እሷን ያዘዛት ይመስላል።

ፕሮጀክቱን ወደ 23.976 ቀይሬ ሁሉንም መልሼ በዓይኔ አሰለፍኩ። ፊልም ስትረከቡ ከምንም በፊት ሦስት ነገር ጠይቁ፦ በሰከንድ ስንት ምስል ነው፣ ድምፁ 48 ሺህ ኸርዝ ነው ወይ፣ የመነሻው ሰዓት ስንት ነው። በጽሑፍ ይላኩላችሁ።

መጋቢት 13

ስምንቱ ቦታ አምስት ሆነ።

መጀመሪያ የወጣው የቡናው ነው። ጎረቤቶች ተሰብስበው ልጅቱን እንኳን ደህና መጣሽ ይሏታል። ክራር ነበረው። አንዷ አሮጊት ዝቅ ባለ ድምፅ «እናትሽ ስምሽን እየጠራች ነው የሄደችው» ትላለች። የክራሩ ምት «ስምሽን» የሚለው ቃል ላይ ያርፋል፤ ቃሉ አይሰማም። የክራር ጭረት ልክ ንግግር በሚያርፍበት ከፍታ ላይ ነው ያለው። ዝቅ ባደርገውም አልሆነም። አወጣሁት። አሁን የሚሰማው የሲኒው መጋጨትና የአሮጊቷ ድምፅ ነው።

ሁለተኛው ልጅቱ ማታ ሻንጣዋን የምትፈታበት ነው። እዚህ በደንብ ተከራከርን። እኔ የሠራሁትን ወድጄው ነበር። ዳይሬክተሯ ናት አውጣው ያለችው። «ብቻዋን ትሁን» አለች። ሌሊቱን ሳስበው አደርኩ፤ ጠዋት አየሁትና ራሴ ሰረዝኩት።

ሦስተኛው አውቶቡሱ ነው። ያ በእንጨት ምት የሠራሁት ጉምጉምታ። ከአውቶቡሱ ከራሱ ሞተር ጋር ተደባልቆ ለየብቻ አልሰማ አለ። ከበሩ ትዕይንት ሥር አዛወርኩት፤ እዚያ ይሠራል።

መጋቢት 19

ሚክስ፣ ድምፆቹን የማመጣጠን ሥራ። ሙዚቃውን በአራት ለየሁት፦ ማሲንቆ፣ ክራር፣ ጉምጉምታና ሽመና። እያንዳንዱ ለብቻው፣ ባለ 24 ቢት፣ ባለ 48 ሺህ ኸርዝ። የፊልሙን ድምፅ የሚያጠቃልለው ልጅ ማሲንቆውን ብቻ ዝቅ ማድረግ ከፈለገ ሌላውን ሳይነካ ማድረግ ይችላል። በአንድ ፋይል አጣብቆ መስጠት ለሱ ፈተና ነው።

የፊልሙ አጠቃላይ ድምፅ −23 ኤልዩኤፍኤስ (የድምፅ ጩኸት መለኪያ ነው) ላይ እንዲያርፍ ተስማምተናል። በአውሮፓ ቴሌቪዥን የሚሠራበት ልክ ነው። ዩቲዩብ የለመደ ጆሮ መጀመሪያ ድምፁ ያነሰ ይመስለዋል። ግን ዝምታው ዝምታ የሚሆነው፣ የሽመናው ምትም ሲመጣ ደረት የሚመታው ከላይ ቦታ ሲተርፍ ነው። ሁሉንም ካጮኽነው አባትየው ሲያቃስት አይሰማም።

በጆሮ ማዳመጫ፣ በስልክ፣ በጓደኛዬ መኪና ሰማሁት። በስልኩ ላይ ጉምጉምታው ሙሉ በሙሉ ይጠፋል። ከላይ በኩል ትንሽ የክር መፋተግ ጨመርኩለት፤ አሁን በስልክም ቢሆን መኖሩ ይታወቃል።

መጋቢት 25

ዛሬ ከምሽቱ 1 ሰዓት ላይ፣ አንድ አነስተኛ አዳራሽ ውስጥ ለአርባ ሰው ያህል አሳየነው። ውጪ የበልግ ዝናብ ነበር፤ ጣራው ቆርቆሮ ነው። መጀመሪያ አካባቢ ዝናቡ ከሽመናው ጋር ተደባለቀ። ሰባት ደቂቃ ላይ አባራ።

ጋሼ መጥተዋል። ከኋላ፣ ከልጃቸው ልጅ ጋር ተቀመጡ። እኔ ከጎናቸው ነበርኩ፤ ፊልሙን ሳይሆን እሳቸውን ነበር የማየው። በሩ ተከፈተ። ማሲንቆው ገባ፤ ወደ ሶል ተጠጋ፤ ተመለሰ። ግራ እጃቸው ጉልበታቸው ላይ ሆኖ ጣታቸው አብሮ ተንሸራተተ።

የመጨረሻው ትዕይንት። ልጅቱ ግድግዳውን ቀና ብላ አየች። እጇ እንዝርቱን ነካ። ሶል መጣ። ከፊታችን የተቀመጡ አንዲት እናት ነጠላቸውን ወደ አፋቸው አስጠጉ። ጋሼ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብለው «ገባች» አሉኝ።

ስማቸው ሲወጣ የልጃቸው ልጅ ጮክ ብላ አነበበችላቸው።

የቀረው፦ ጉምጉምታው አዳራሹ ውስጥ በዝቷል። የቀኙን ስፒከር አንቀጥቅጦታል። ሁለት ዲቢ ልቀንስለትና ነገ ማታ አዲሱን ፋይል እልካለሁ። ጠዋት ግን መጀመሪያ ጋሼ ቤት ነው የምሄደው፤ ቀሪ ክፍያቸውንና የተፈረመውን ውል ይዤ። የ«ቆራሌው»ንም ቅጂ በፍላሽ አድርጌላቸዋለሁ።